ጋሽ ቄርሎስ ያልመለሷት እናት

ልጅ ሳለሁ ተረት የሚነግሩኝ ሽማግሌ እንግሊዛዊ ነበሩ። ያኔ የምንኖረው አሜሪካ፣ ሜሪላንድ ውስጥ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው፤ እሳቸው ከእኛ በታች ያለው ፎቅ ላይ ብቻቸውን ይኖራሉ። ቤታቸው ውስጥ የሚሞቅ እሳት አልነበረም። በእሳት ፋንታ ከሥሩ መብራት የሚበራ፣ ላዩ ነጭ መስታወት የሆነ ጠረጴዛ ነበራቸው። በብርዱ ወራት ገና በጊዜ ሲጨልም የክፍሉን መብራት ያጠፉና የጠረጴዛውን ያበራሉ፤ ብርሃኑ ከታች ወደ ላይ ፊታቸውን ሲመታው፣ የሲጋራቸው ጭስ በብርሃኑ ላይ ቀስ እያለ ሲያልፍ፣ የእርሳስና የቀለም ሽታ ሲሸተኝ፣ አገጬን ጠረጴዛው ጠርዝ ላይ አስደግፌ ተረቱ እስኪጀመር እጠብቃለሁ።

ይህን ለመጻፍ የተነሳሁት በልጄ ምክንያት ነው። ባለቤቴ ቤዛ ከሞተች ሁለተኛ ወሯን ይዛለች። ልጃችን ናርዶስ አምስት ዓመቷ ነው። በቀብሩ ዕለት ናርዶስን ጀርመንታውን በሚባል ከተማ ያለው አክስቴ ወይንሸት ቤት ወስደው ካርቱን ሲያሳዩአት ዋሉ። ከዚያ በኋላ ዘመድ ሁሉ ተስማምቶ «እናትሽ ለሕክምና ሩቅ አገር ሄዳለች፤ ትመጣለች» ይላት ጀመር። እኔም ሦስት ሳምንት ሙሉ ዝም አልኩ። ከዚያ በኋላ ግን ነገርኳት። በዚህ የተቀየሙኝ አሉ። ይቀየሙ። ለምን እንዳደረግሁት ማወቅ የሚፈልግ ካለ ይኸው።

የሽማግሌው ስም ሲሪል ነው። አባቴ በልጅነቱ ዲያቆን ነበርና ስሙን በሰማ ቀን «ይሄማ ቄርሎስ ማለት ነው! የቅዱስ ስም ይዘው ዝም ይላሉ እንዴ?» አለ። በዚያው ጋሽ ቄርሎስ ሆነው ቀሩ። እሳቸው «ጋሽ» የሚለውን እንደ ማዕረግ ቆጠሩት። የደብዳቤ ሳጥናቸው ላይ ከስማቸው በፊት ጽፈው ለጠፉት።

እሳቸው ቤት መዋል የጀመርኩት ሚስታቸው በሞቱ ሰሞን ነው። እናቴ አረጋውያን መጦሪያ ውስጥ የከሰዓት ሺፍት ነበራት፤ አባቴ ታክሲ ይነዳል። «ሐዘንተኛ ብቻውን አይተውም» አለችኝ እናቴ፤ «ከትምህርት ቤት ስትመለስ እሳቸው ጋ ቁጭ በል። አታስቸግራቸው። ካለቀሱ ዝም ብለህ አጠገባቸው ሁን።» እሳቸው ደግሞ ወላጆቼ ልጃቸውን የሚይዝላቸው ያጡ ሠራተኞች ናቸው ብለው አሰቡ። እኔ እሳቸውን ስጠብቅ፣ እሳቸው እኔን ሲጠብቁ፣ ሁለታችንም ውለታ እየዋልን መስሎን ወራቱን ገፋነው። ሲያለቅሱ አላየኋቸውም። ያየኋቸው ሲሥሉ ነው።

ጋሽ ቄርሎስ የካርቱን ፊልም ዳይሬክተር ነበሩ። በአሥራ አምስት ዓመታቸው ለንደን ውስጥ አንድ ስቱዲዮ ሲቀጠሩ መጀመሪያ የተሰጣቸው ሥራ እጥበት ነው። ያኔ ካርቱን የሚቀባው በስስ ግልጽ ፕላስቲክ ላይ ነበር፤ ፊልሙ ከተቀረጸ በኋላ ቀለሙ ይታጠብና ፕላስቲኩ ለሌላ ፊልም ይውላል። «ሌሎች የደከሙበትን አጥብ ነበር» ይሉኛል፤ «አንበሳውም፣ ንግሥቲቱም፣ በእጄ ላይ አልፈው ወደ ቱቦው ይወርዳሉ።» ከአጣቢነት ወደ ቀቢነት፣ ከዚያ ወደ ሠዓሊነት፣ በመጨረሻም ወደ ዳይሬክተርነት ወጡ። ሥራቸው አንድ ዓይነት ነው። ስቱዲዮው ልጆች የሚወዱትን መጽሐፍ ያመጣላቸዋል፣ እሳቸው ፊልም ያደርጉታል። አሥራ አራት ሠርተዋል። አሜሪካ የመጡትም ከእኛ ወንዝ ተሻግሮ አሌክሳንድሪያ በሚባል ከተማ ያለ አንድ የልጆች ቴሌቪዥን ጣቢያ አስጠርቷቸው ነው።

ተረት የሚነግሩኝ ከነዚያ ፊልሞች ነው። የምናወራው በእንግሊዝኛ ነበር፤ ሳስታውሰው ግን አንቱ እያልኳቸው ነው የሚመጣልኝ። ከሁሉም ያልረሳሁት ከሰል ማውጫ ጉድጓድ ውስጥ ስለሚሠራው ፈረስ የሚናገረው ነው። ፈረሱ ጨለማ ውስጥ ብዙ ዓመት ጋሪ ሲጎትት ኖሮ ዓይኑ ይጠፋል። ሲያረጅ ወደ ላይ ያወጡታል። መስክ ላይ ይቆማል፤ ፀሐይ ትወጣለች፤ ዓይኑ ይበራል።

«እሰይ!» አልኩ።

ጋሽ ቄርሎስ ሲጋራቸውን ተረኮሱ። «ይሄ የፊልሙ ነው» አሉ። «አሁን እውነተኛውን ልንገርህ?» ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። መጽሐፉ ውስጥ የፈረሱ ዓይን አይበራም። መስክ ላይ ይቆማል፤ ፀሐይዋን ጀርባው ላይ በሚሰማው ሙቀት ያውቃታል። ጎንበስ ብሎ ሣር ይግጣል። አለቀ።

«ታዲያ ለምን ቀየሩት?»

«ልጆች ያለቅሳሉ አሉኝ። እውነቱን ለመናገር ብዙም አልተከራከርኩም።»

በአሥራ አራቱም ፊልሞች እንደዚያው ነበር። ከዚያ ቀን ጀምሮ ደንባችን ይህ ሆነ። መጀመሪያ የፊልሙን ይነግሩኛል፤ ሲጨርሱ እኔ «አሁን እውነተኛውን» እላለሁ፤ እሳቸው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው እንደገና ይጀምራሉ።

አሥራ አምስተኛውን ፊልም ሲጀምሩ ጣቢያው ገና በመጽሐፍ ያልወጣ ተረት ፈለገ። አንድ እሑድ ምሳ እኛ ቤት በሉና አባቴን በልጅነቱ የሰማውን እንዲነግራቸው ጠየቁት። አባቴ የወሊሶ ሰው ነው። ያንን ተረት ለእኔ ስንት ጊዜ እንደነገረኝ አልቆጥረውም። እናት ጃርት ድንች ልትቆፍር ወንዝ ትሻገራለች። ላይኛው አገር ይዘንባል፤ ወንዙ ይሞላል። እናትየዋ አትመለስም። ትንሿ ጃርት በየቀኑ ዳር ላይ ቆማ ትጣራለች። ዝናቡ ሲያቆም ውሃው ይጎድላል። ትንሿ ራሷ ትሻገራለች፤ ራሷ ድንች ትቆፍራለች። አባቴ ሁልጊዜ የሚጨርሰው «በላች፤ አደገች» ብሎ ነው።

ያን እሑድ ግን እዚያ ሲደርስ ጋሽ ቄርሎስን አየት አደረጋቸው። «ውሃው ጎደለ» አለ። «ትንሿ ጃርት ተሻገረች። እናቷ ማዶ ቆማ እየጠበቀቻት ነበር። ተቃቀፉ።»

«ጃርትና ጃርት እንዴት ይተቃቀፋሉ?» አሉ ጋሽ ቄርሎስ።

«እሾኋን ታጥፈዋለቻ!» አለ አባቴ። ሁሉም ሳቁ።

እኔ አፌን ከፈትኩ። አባቴ በዓይኑ ተቆጣኝ። አፌን ዘጋሁ። ጋሽ ቄርሎስ ወደ ቤታቸው ሲወርዱ ግን አልቻልኩም።

«አባዬ፣ ለምን ዋሸህ?»

«አልዋሸሁም። አሳመርኩት።»

«እናቷ እኮ አትመለስም!»

«ስማ፣ ሰውየው ሚስታቸውን ከቀበሩ ገና አራት ወራቸው ነው። ሐዘንተኛ ፊት እንዲህ ያለ ነገር ይወራል? ይሉኝታ የሚባል ነገር አልፈጠረብህም?»

እናቴ ሳህን እያነሳች «ልክ ነው ያደረገው አባትህ» አለች። ነገሩ በዚህ ተዘጋ።

ጣቢያው ተረቱን ወደደው። ጋሽ ቄርሎስ ሥራ ጀመሩ። ለአንዲት ሴኮንድ አሥራ ሁለት ሥዕል ያስፈልጋል፤ በእያንዳንዱ ሥዕል ላይ የጃርቷ እሾህ አንድ በአንድ ይሣላል። በየረቡዑ አባቴ ሥዕሎቹን በካርቶን አድርጎ ከእሳቸው ጋር በታክሲው አሌክሳንድሪያ ያደርሳቸዋል። እኔ ከትምህርት ቤት መልስ እየተቀመጥኩ ጃርቷ ስትራመድ አያለሁ። ወረቀቶቹን በአውራ ጣታቸው ይዘው ሲያርገበግቧቸው ትንሿ ጃርት ብድግ ብላ ወደ ወንዙ ትሄዳለች።

መጋቢት ላይ አንድ ምሽት የመጨረሻውን ክፍል ጨርሰው አሳዩኝ። ትንሿ ተሻገረች፤ እናቷ ማዶ ቆማለች። ወረቀቶቹ አለቁ። እኔ በልማድ «አሁን እውነተኛውን» አልኩ።

ሳቁ። «እውነተኛው ይሄ ነው። አባትህ የነገረኝ ነው። በዚህኛው ምንም አልቀየርኩም። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ!»

እንደዚያ ደስ ብሏቸው አይቼ አላውቅም። ዝም ማለት ነበረብኝ፤ አባቴ የሚፈልገውም ያንን ነው። ስምንት ዓመቴ ነበር። «አይደለም» አልኩ።

እርሳሳቸውን አስቀመጡ። «እናቷስ?»

«አትመጣም።»

«ታዲያ ትንሿ ምን ትሆናለች?»

«ትሻገራለች። ድንች ቆፍራ ትበላለች። ታድጋለች።»

«አባትህ ለምን ቀየረው?»

«ሚስትዎ ስለሞቱ።»

ወረቀቶቹን ሰበሰቡ። ጭሱ በመብራቱ ላይ ቆሞ ነበር። ከዚያ ተነሡ፤ እጄን ይዘው፣ የሚያማቸውን ጉልበት እየጎተቱ ደረጃውን ወጡና በራችንን አንኳኩ። አባቴ ከሥራ ገብቶ ካልሲውን እያወለቀ ነበር።

«ተስፋዬ፣ ሚስቴ መሞቷን የማላውቅ መሰለህ?»

አባቴ እኔን አየኝ። ገባው። «ኧረ ጋሽ ቄርሎስ፣ እንዳላስከፋዎት ብዬ ነው። እኛ ዘንድ ነውር ነው።»

«በየጠዋቱ ሁለት ስኒ አውጥቼ አንዱን እመልሳለሁ። ያንተ ተረት ምን ይጨምርብኛል? ያቺ ትንሽ ፍጥረት ብቻዋን ተሻግራለች። እኔ ደግሞ እንዴት እንደተሻገረች ማየት የሚያስፈልገኝ ሰው ነኝ። አንተ ደበቅከኝ።»

አባቴ ራሱን ደፋ። «ይቅርታ» አለ።

«ይቅርታውን ተወው። ነገ አሌክሳንድሪያ ትወስደኛለህ።»

በማግስቱ ትምህርት ስላልነበረ እኔም ታክሲው ውስጥ ነበርኩ። ጣቢያው ወንዙ አጠገብ ካሉት አሮጌ የሸክላ ሕንፃዎች አንዱ ውስጥ ነው። ኃላፊዋ ወጣት ነች፤ ጨዋ ነች፤ ለእኔ ከረሜላ ሰጠችኝ። ጋሽ ቄርሎስ አዲሱን መጨረሻ ቆመው ነገሯት።

«ልጆች ይህን አይችሉትም» አለች።

ወደ እኔ ጠቆሙ። «ይሄ ልጅ አፉን ከፈታ ጀምሮ ያውቀዋል። እዪው። ከረሜላሽን እየበላ ነው።»

«የተፈቀደው መጨረሻ ሌላ ነው። የሚያምር መጨረሻ ነው። ወላጆች ስልክ እየደወሉ ይጮኹብናል።»

«አርባ ዓመት ሙሉ ሙታን ሳስነሣ ኖርኩ» አሉ ጋሽ ቄርሎስ። «በወንጌል እንኳ ያን ያህል ሰው አልተነሣም። የታወረውን አበራሁ፣ የሰጠመውን አወጣሁ፣ የጠፋውን ሁሉ ወደ ቤቱ መለስኩ። በቃኝ። ይቺን እናት አልመልሳትም።»

«እንግዲያው ጣቢያው አያሳየውም።»

«አያሳየው!» ወደ አባቴ ዞሩ። «ተስፋዬ፣ ካርቶኖቹን እናንሣ።»

አባቴ ጠዋቱን ሙሉ አንድ ቃል አልተነፈሰም ነበር። ካርቶኖቹን ደራርቦ ተሸከመና በሩን በትከሻው ገፍቶ ወጣ። ወደ ሜሪላንድ የሚያሻግረው ድልድይ ላይ ስንደርስ ነው የተናገረው። «ጋሽ ቄርሎስ፣ ጥፋቱ የኔ ነው። ድምፁን እኔ ልሁን። እንደ ተነገረኝ እናገረዋለሁ።»

ያንን የጸደይ ወቅት ቤታችን ፊልም ሲሠራ ከረመ። አዲሱ መጨረሻ ከመሣሉ በፊት ድምፅ ይቀረጻል፤ ሥዕሉ ድምፁን ነው የሚከተለው። ጋሽ ቄርሎስ ማይክሮፎኑን የእናቴ ቁም ሣጥን ውስጥ አስገቡት፤ ልብስ ኮሽታ ይውጣል ይላሉ። አባቴ በካፖርቶቹ መሀል አንገቱን አስገብቶ በአማርኛ ተረከ። «እናቷ አልመጣችም» የሚለው ላይ ሲደርስ ድምፁ ተሰበረ። ደገመው። በአራተኛው ጥርት ብሎ ወጣለት። ጋሽ ቄርሎስ የወሰዱት ግን ሦስተኛውን ነው። እናቴ ከሥራ ስትመለስ ጫማዋን አውልቃ ወንዙን ትቀባለች። «ይሄ ውሃ ማለቂያም የለው» ትላለች፤ ግን አታቆምም።

ፊልሙ ሲያልቅ አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ሕንፃው ሥር፣ ከልብስ ማጠቢያው ክፍል ጎን ባለው አዳራሽ ታየ። ሐበሻ ጎረቤቶቻችን ከነልጆቻቸው መጡ። የአባቴ እህት፣ አክስቴ ወይንሸት፣ ያኔ ከምትኖርበት ከላንግሊ ፓርክ በአውቶቡስ መጣች። ልጆቹ መሬት ላይ ተቀመጡ። ጥቂት ደቂቃ ነው። ትንሿ ጃርት ተሻገረች፣ ቆፈረች፣ በላች። የአባቴ ድምፅ «አደገች» አለ። ቴሌቪዥኑ ነጭ ሆነ።

«እንዴ፣ እናትየዋስ?» አለ ከኋላ አንድ ሰው። «ካሴቱ ተቆርጦ ነው መሰለኝ።»

አክስቴ ከወንበሯ ተነሣች። «ተስፋዬ! ይሄ ለሕፃን የሚታይ ነገር ነው? ምን ነካህ? እነዚህ ልጆች ዛሬ እንቅልፍ ይወስዳቸዋል?»

ጋሽ ቄርሎስ አባቴን ጠየቁት። «ሴትየዋ ምን አለች?»

«ልጆቹን አስፈራችኋቸው ነው የምትለው።»

ልጆቹ ግን ወለሉን በእጃቸው እየደበደቡ «አጌን! አጌን!» ይጮኻሉ። ጋሽ ቄርሎስ ያንን ማስተርጎም አላስፈለጋቸውም። ካሴቱን አጠንጥነው እንደገና ከፈቱት።

ሁለተኛው ሲጀመር አክስቴ ወደ ልብስ ማጠቢያው ክፍል ወጣች። ተከተልኳት። ማድረቂያው ፊት ጀርባዋን ሰጥታ ቆማ ነበር። ያኔ ያላወቅሁትን በኋላ ነው ያወቅሁት። የአያቴን ሞት አምስት ወር ደብቀውባት ነበር፤ የነርስነት ፈተናዋን እስክትጨርስ። ለእናቷ ሹራብ ገዝታ የሚወስድላት መንገደኛ እያፈላለገች ሳለ ነው አንድ ንጋት ላይ መርዶ ነጋሪዎች በሯን ያንኳኩት። የደበቃት አባቴ ነው። አዳራሹ ውስጥ ከነበሩት ትልልቅ ሰዎች እንዲህ ያልተደረገበት ወይም ያላደረገ አልነበረም ብል አልዋሸሁም።

አባቴ መጣና አጠገቧ ቆመ። «ወይኔ» አላት፤ ሲያቆላምጣት እንደዚያ ነው የሚላት፤ «ልነግርሽ ይገባኝ ነበር።»

«ሂድ ከዚህ!» አለችው፤ በእጇ የያዘችውን ነጠላ ጫፉን ይዛ ትከሻውን መታችው። ሁለቴ መታችው። ከዚያ ነጠላውን ፊቷ ላይ አደረገችው። አባቴ አልሄደም።

ፊልሙ በቴሌቪዥን ታይቶ አያውቅም። ካሴቱም ከሰው ሰው ሲዞር ጠፋ። ጋሽ ቄርሎስ ከዚያ በኋላ ሌላ ፊልም አልሠሩም። የሥራ ዘመናቸው በኪሣራ አለቀ የሚል ሰው ካለ አልስማማም። እኔ በዓይኔ አይቻለሁ፤ ሰውየው በአርባ ዓመት ውስጥ አንዴ የፈለጉትን ጨረሱ።

ከሁለት ዓመት በኋላ ታመው ሆስፒታል ገቡ። እናቴ «ልጅ እንዲህ ሆነው አይያቸው» አለች። አባቴ ግን ወሰደኝ። አልጋቸው አጠገብ ቆሜ «ይድናሉ?» አልኳቸው።

«አይ» አሉ። «አልድንም። በል ቁጭ በልና ትምህርት ቤት የሰማኸውን ሁሉ ንገረኝ።»

ነገርኳቸው። ስንመለስ ታክሲው ውስጥ አለቀስኩ። ቤት ገብቼ ራት በላሁ። በዚያው ሳምንት ሞቱ፤ እንደ አዲስ የሚነግረኝ ሰው አላስፈለገኝም።

ከነዚያ ምሽቶች ምን ቀረህ ብባል፣ ድፍረት ነው ማለት አልችልም። ለናርዶስ የነገርኳት እየፈራሁ ነው። የቀረኝ፣ ልጅ እውነት ሲነግሩት እንደማይሰበር ማወቄ ነው፤ አይቼዋለሁ፣ ሆኜዋለሁ። የሚሰበረው አምስት ወር ሹራብ ሲገዛ ከርሞ የሚደርስበት ነው።

ቅዳሜ ጠዋት ሶፋው ላይ አስቀመጥኳት። አባቴ መጥቶ በሌላኛው ጎኗ ተቀመጠ። «እማዬ ሞታለች» አልኳት። «ሩቅ አገር አልሄደችም። ሰውነቷ ታሞ ሞተች። አትመጣም።» አለቀሰች። እኔም አለቀስኩ። ከዚያ ጥያቄ ጀመረች፣ ግማሹን በአማርኛ፣ ግማሹን በእንግሊዝኛ፤ የማውቀውን መለስኩ፣ የማላውቀውን አላውቅም አልኩ።

ማታውኑ አክስቴ ወይንሸት ኮል አደረገችልኝ። «ጨካኝ ነህ» አለችኝ። «የአምስት ዓመት ሕፃን! ትንሽ ብትቆይ ምን ነበረበት?»

«አክስቴ፣ አንቺን አምስት ወር ደብቀውሽ ነበር። ይቅር ብለሻቸዋል?»

«ያ ሌላ ነው።»

«ሌላ አይደለም።»

ጆሮዬ ላይ ዘጋችው።

በማግስቱ ከቤተ ክርስቲያን ስትወጣ በቀጥታ መጣች። አላናገረችኝም። ማበጠሪያዋን ከቦርሳዋ አውጥታ ናርዶስን ጉልበቷ መሀል አስቀመጠቻትና ሹሩባ ትሠራላት ጀመር። እኔ ኩሽና ውስጥ ዕቃ የማጥብ መስዬ እያየሁ ነበር። ግማሹን እንደሠራች ናርዶስ ቀና ብላ አየቻት።

«ታላቅ አክስት፣ እማዬ ዳይ አድርጋለች። ዳዲ ነገረኝ። አንቺ ታውቂያለሽ?»

የአክስቴ ጣቶች ፀጉሯ ውስጥ ቆሙ። ወደ እኔ አየች። ዓይኔን አልሰበርኩም።

«አውቃለሁ የኔ ልጅ» አለች አክስቴ። «ሞታለች።» ማበጠሪያዋን አነሣች። «በይ ጎንበስ በይ፤ የኋላው ይቀረናል።»